የንግሥቲቱ መሐንዲስ ከበሩ ጀርባ

እኛ ኢትዮጵያውያን የጥንታዊት ግብፅን ንግሥት የሐትሼፕሱትን ስም የምናውቀው፣ ግብፃውያን ከርቤና ወርቅ ያመጡበት በነበረው ጥንታዊ አገር፣ በፑንት በኩል ነው። ከዛሬዋ ሉቅሶር ከተማ ማዶ፣ ከዓባይ በስተ ምዕራብ ካለው ገደል ሥር፣ ደይር ኤል-ባሕሪ የሚባለው ቤተ መቅደስ አለ። በንግሥቲቱ ዘጠነኛ የንግሥ ዓመት ወደ ፑንት የሄደው ጉዞ በዚያ ግድግዳ ላይ ተቀርጿል። አምስት መርከቦች ይታያሉ። በእንጨት ምሰሶ ላይ የቆሙ፣ በመሰላል የሚወጣባቸው ጎጆዎች አሉ። የፑንት ሹም ፓራሁና ባለቤቱ አቲ እንግዶቹን ለመቀበል ወጥተዋል። የከርቤ ዛፎች ሥሮቻቸው በቅርጫት እንደተያዘ በሰው ትከሻ ወደ መርከብ ይጫናሉ፤ ጽሑፉ ቁጥራቸው 31 እንደሆነ ይናገራል። ወርቅ፣ ዞጲ፣ የዝሆን ጥርስ፣ የአውሬ ቆዳና ዝንጀሮም አሉበት።

ያን ግድግዳ በስስት ማየታችን ተገቢ ነው። እ.ኤ.አ. በ2020 የታተመ ጥናት በጥንታዊት ግብፅ የተቀበሩ ዝንጀሮዎችን አጥንት፣ ጥርስና ፀጉር መርምሮ ነበር። ከእነሱ መካከል የተወለዱበት ምድር ኢትዮጵያን፣ ኤርትራን፣ ጅቡቲን፣ የሶማሊያን ክፍሎችና የመንን በሚያካትት ቀጠና ውስጥ የሚወድቅ ተገኝተዋል። ስለዚህ ከሰሜን የመጣ መርከበኛ አያቶቻችንን አይቶ የሣለው ሥዕል ሊሆን ይችላል ብለን ብናስብ ከንቱ ምኞት አይደለም። ንግሥት አቲን በሰውነቷ ግዝፈት ምክንያት መሳቂያ የሚያደርጉ አስጎብኚዎች ግን ሁልጊዜ ያሳዝኑኛል። በባሏ አጠገብ በሙሉ ክብር የቆመች ሴት ናት።

በዚያው የፑንት ታሪክ መጨረሻ ላይ አብዛኞቻችን የምናልፈው ሰው አለ። ንግሥቲቱ በዙፋኗ ተቀምጣ ጉዞው መሳካቱን ስታበሥር ሹማምንት ከፊቷ ቆመዋል። አንዱ ጉዞውን የመራው ነሕሲ ነው። ሌላው ሰነንሙት ይባላል፤ ምስሉ ተፍቆ ስለጠፋ ዓይን አይዘውም። ብዙ ሊቃውንት የዚህን ቤተ መቅደስ ንድፍና ግንባታ የሚሰጡት ለእሱ ነው። ይህን ጽሑፍ የምጽፈው ስለ እሱ ነው፤ ፑንትን ፍለጋ ሄጄ ልቤ ከዚህ ሰው ጋር ቀርቷልና።

ዘመኑ ከክርስቶስ ልደት በፊት በአሥራ አምስተኛው መቶ ዓመት፣ ታሪክ ጸሐፊዎች አሥራ ስምንተኛው ሥርወ መንግሥት በሚሉት ወቅት ነው። ሐትሼፕሱት የቀዳማዊ ቱትሞስ ልጅ፣ የዳግማዊ ቱትሞስ ሚስት ነበረች። ባሏ ሲሞት ከሌላ ሴት የተወለደው ልጁ ሣልሳዊ ቱትሞስ ገና ሕፃን ስለነበረ እንደራሴ ሆና አገሩን ያዘች። ብዙም ሳይቆይ፣ ከሰባተኛው ዓመት ባልዘገየ ጊዜ፣ የፈርዖንን ሙሉ ማዕረግ ወሰደች። በሐውልቶቿ ላይ የነገሥታቱን ሰው ሠራሽ ጢም አድርጋ ትታያለች። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1458 ገደማ እስክትሞት ድረስም ገዛች። ሰነንሙት ከእሷ ጋር ከፍ አለ።

ከየት ተነሣ? የተወለደው ከቴብስ፣ ከዛሬዋ ሉቅሶር፣ በስተ ደቡብ ካለችው አርማንት የሚመዘዝ ቤተሰብ ውስጥ ነው። አባቱ ራሞሴ፣ እናቱ ሐትኖፈር ይባላሉ። በግብፅ ባላባት ሰው የአባቱን ሹመት በዘረዘረበት ዘመን፣ ለራሞሴ የተጻፈለት «የተከበሩ» ከማለት የማያልፍ የአክብሮት ስም ብቻ ነው። ጭቃ ሹም ነበር፣ ጸሐፊ ነበር፣ ወታደር ነበር የሚል ነገር የለም። ስለ ወላጆቹ የምናውቀው አብዛኛው ነገር የመጣው ከመቃብራቸው ነው። ይህ መቃብር ለእኔ ከሰነንሙት ሐውልቶች ሁሉ በላይ ስለ ሰውየው ይናገራል።

እ.ኤ.አ. በ1936 የኒውዮርኩ ሜትሮፖሊታን ሙዚየም ቆፋሪዎች ሼኽ አብድ ኤል-ቁርና በሚባለው ኮረብታ ላይ፣ ሰነንሙት ለራሱ ካሠራው መቃብር ሥር ባለው ተዳፋት ትንሽ የድንጋይ ክፍል አገኙ። ዘራፊ አልደረሰባትም ነበር። ውስጧ እናትየው ሐትኖፈር እንደ ታላቅ እመቤት ተገንዛ ተኝታለች። ፊቷ ላይ በወርቅ የተለበጠ ጭንብል አለ፤ ልቧ ላይ የሚቀመጠው የጢንዚዛ ቅርጽ ያለው ክታብ በወርቅ የተያዘ ነው፤ ከብር የተሠሩ ዕቃዎችም አጠገቧ ነበሩ። የምትቀመጥባት የእንጨት ወንበር ሳትቀር አብራ ተቀብራለች። ወንበሯ ዛሬ ኒውዮርክ ትገኛለች፤ መቀመጫዋ በገመድ የተሠራ፣ መደገፊያዋ ላይ የቤት ጠባቂ የነበረው የድንኩ አምላክ ቤስ ምስል የተቀረጸባት ናት። ሐትኖፈር ስትሞት ያረጀች፣ አጭር፣ ወፈር ያለች ሴት ነበረች። የሸበተው ፀጉሯ ሳስቶ ስለነበር በሹሩባ ተቀጥሎላታል።

አባትየው ግን እንዲህ አይደለም። ራሞሴ ሳጥን ውስጥ የተገኘው አጥንት ብቻ ሆኖ ነው፤ አጥንቱ ተሰብስቦ በጨርቅ ተጠቅልሏል። በሌሎች ሳጥኖች ውስጥ ደግሞ ስማቸው ያልተጻፈ ስድስት ሰዎች በተመሳሳይ ሁኔታ ነበሩ። ቆፋሪዎቹ ያነበቡት ታሪክ ግልጽ ነው፤ እኔም እቀበለዋለሁ። እነዚህ ሰዎች ቀድሞ የሞቱት ቤተሰቡ ገና ምንም ሳይኖረው ነው። ተራ ጉድጓድ ውስጥ፣ ያለ ግንዘትና ያለ ሳጥን ተቀበሩ። ልጁ ከፍ ካለ በኋላ እናቱ ስትሞት፣ የአባቱንና የዘመዶቹን አጽም ከየነበሩበት አስወጥቶ ከእሷ ጋር በክብር አሳረፋቸው። ከመቃብሩ ዕቃዎች አንዱ ሰባተኛውን ዓመት ይጠቅሳል፤ በማሰሮዎቹ ላይ ከታተሙት ማኅተሞች አንዱ ደግሞ የሐትሼፕሱትን የንግሥና ስም ይዟል። ንግሥቲቱ በሰባተኛው ዓመት ዘውድ ጭና እንደነበር ሊቃውንት የሚያውቁት በዚህች ድሃ ቤተሰብ መቃብር ምክንያት ነው።

እኛ አገር አጽም አፍልሶ በቤተ ክርስቲያን ቅጥር በክብር ማሳረፍ ምን ማለት እንደሆነ ለማንም ማስረዳት አያስፈልግም። እኔ የግንበኛ ልጅ ነኝ። አባቴ ድንጋይ እየጠረበ አሳድጎናል። ያነሣቸው ቤቶችና አጥሮች ዛሬም አዲስ አበባ ውስጥ ቆመው አያቸዋለሁ፤ በአንዳቸውም ላይ ስሙ የለም፤ የሚኖሩባቸውም አያውቁትም። እሱ በዚህ ተከፍቶ አያውቅም። የተከፋሁት እኔ ነኝ። ስለዚህ አንድ ሰው ሥልጣን ሲያገኝ መጀመሪያ የአባቱን አጥንት ፍለጋ ወደ ድሆች መቃብር መውረዱን ሳነብ፣ ሰነንሙትን እንደ ሩቅ ሰው ማየት አቃተኝ።

ወደ ቤተ መንግሥት እንዴት እንደገባ ማንም አልጻፈም። ከገባ በኋላ ግን የማዕረጉ ብዛት ያስደንቃል። የታላቁ የግብፅ አምላክ የአሙን ቤት ዋና መጋቢ ሆነ፤ ማለትም በግብፅ ትልቁ የቤተ መቅደስ ሀብት፣ ጎተራው፣ እርሻው፣ ከብቱና ሠራተኛው በእሱ እጅ ነበር። የንግሥቲቱ ቤት አዛዥም ሆነ። የንጉሥ ሥራዎች ሁሉ የበላይ ኃላፊ ተባለ። የልዕልት ነፈሩሬም ሞግዚት ሆነ። ነፈሩሬ የሐትሼፕሱት ልጅ ናት፤ የእሱና የእሷ ሐውልቶች ከሁሉም የተለየ ስሜት አላቸው። በለንደን ባለው ሐውልት ተቀምጦ ሕፃኒቱን በካባው ጠቅልሎ ጭኑ ላይ ይዟታል። በበርሊን ባለው ደግሞ ሰውነቱ በሙሉ እንደ ድንጋይ ሳጥን ሆኖ፣ ከካባው ላይ የሁለቱ ጭንቅላት ብቻ ይታያል፤ የእሷ ከእሱ አገጭ ሥር ነው። በቺካጎው ቆሞ አቅፏታል። ተራ ሰው የንጉሥ ልጅ ታቅፎ በድንጋይ መታየቱ ከእሱ በፊት የታወቀ ልማድ አልነበረም። ዛሬ በእጃችን ያሉት የሰነንሙት ሐውልቶች 25 ያህል ናቸው፤ ከንጉሣዊ ቤተሰብ ላልተወለደ የዚያ ዘመን ሰው ይህ እጅግ ብዙ ነው።

አሁን ወደ ቤተ መቅደሱ ልመለስ።

ደይር ኤል-ባሕሪን ከሩቅ ያየ ሰው መጀመሪያ የሚያየው ገደሉን ነው። ቀጥ ብሎ ወደ ላይ የተሰነጠቀ፣ ማር የመሰለ የኖራ ድንጋይ ግድግዳ። ፒራሚድ የሠሩት ነገሥታት ተራራ የሌለበት ቦታ ላይ ተራራ ሠሩ። እዚህ የሠራው ሰው ተራራው አስቀድሞ እንዳለ አወቀ፤ ከእሱም ጋር መፎካከሩን ተወው። ሕንፃው ወደ ላይ አይዘልም፤ በሦስት ሰፋፊ እርከኖች እየተነጠፈ ይሄዳል። እርከኖቹን የሚያገናኙት በመሐል የተዘረጉ ረጃጅም መወጣጫዎች ናቸው። በየእርከኑ ፊት ለፊት የቆሙት የዓምድ ረድፎች ብርሃንና ጥላ እየተፈራረቁባቸው ከገደሉ ስንጥቆች ጋር አንድ ምት ይመታሉ። ረፋድ ላይ ፀሐይዋ ፊት ለፊት ስትመታው ዓምዶቹ የገደሉ ቀጣይ ይመስላሉ። ሕንፃ ከመሬቱ ጋር ሲስማማ እንዲህ ያማረ ሌላ ቦታ አላየሁም ብል ከልቤ ነው።

ሐሳቡ ከምንም አልመጣም። አጠገቡ፣ በዚያው ገደል ሥር፣ ከአምስት መቶ ዓመት በላይ ቀድሞ የዳግማዊ መንቱሆቴፕ የመቃብር ቤተ መቅደስ ተሠርቶ ነበር፤ እሱም እርከን፣ መወጣጫና የዓምድ ረድፍ ነበረው። አዲሱ ሕንፃ ይህን ጎረቤቱን አይቶ፣ ተምሮበት፣ አልፎት ሄደ። እኔን ይህ አያሳንስብኝም። ጥሩ ሠራተኛ የቀደመውን ሥራ ሳያይ አይጀምርም፤ አባቴም ግድግዳ ከመጀመሩ በፊት የጎረቤቱን ግንብ በእጁ እየዳሰሰ ይዞረው ነበር።

የሕንፃው አቅጣጫም በዘፈቀደ አይደለም። ዘንጉ ከወንዙ ማዶ ወዳለው የአሙን ቤተ መቅደስ፣ ወደ ካርናክ ይመለከታል። በዓመት አንድ ጊዜ፣ የሸለቆው ውብ በዓል በሚባለው ቀን፣ የአሙን ታቦት በጀልባ አምሳል ተሸክመውት ከካርናክ ይወጣል፤ ዓባይን ይሻገራል፤ ከዚያም ወደ ምዕራቡ መቃብሮችና ቤተ መቅደሶች ይሄዳል። ደይር ኤል-ባሕሪ የተሠራው ይህን ሰልፍ ለመቀበል ነው። ረጅሙ መንገድ፣ በሁለቱ ጎኖቹ የተደረደሩት ስፊንክሶች፣ በደጃፉ የተተከሉት ዛፎች፣ ሰፋፊዎቹ መወጣጫዎች፣ ሁሉም የተለኩት ለሚዘምርና ለሚራመድ ሕዝብ ነው። ታቦቱ በመጨረሻ ከሦስተኛው እርከን በስተ ኋላ፣ ገደሉ ውስጥ ወደተፈለፈለው ቅድስተ ቅዱሳን ይገባል። ታቦት በሆታና በእልልታ ሲሸኝ ያደገ ሰው ይህን ሕንፃ ባዶ ሆኖ ቢያየውም ምን እንደጎደለው ወዲያው ያውቃል። የእኛ ታቦትና የእነሱ አንድ ነው ማለቴ አይደለም፤ ነገር ግን ሕንፃን በጉዞ መለካት ምን ማለት እንደሆነ የጥምቀትን ሰልፍ ያየ ዓይን ይረዳል።

ይህን ሁሉ ሰነንሙት ብቻውን አሰበው ማለት ይቻላል? እውነቱን ለመናገር አይቻልም። ግብፃውያን ዛሬ አርክቴክት በምንለው መንገድ አንድን ሰው ለይተው አይጠሩም ነበር፤ የነበራቸው የሥራ የበላይ ኃላፊ ነው። በደይር ኤል-ባሕሪ ሥራ ላይ የግምጃ ቤቱ ሹም ጀሁቲም በመቃብሩ ጽሑፍ ድርሻውን ይናገራል፤ የአሙን ሊቀ ካህናት ሐፑሰነብና ሌሎችም በንግሥቲቱ ሥራዎች ላይ ስም አላቸው። ሰነንሙት ግን በካርናክ፣ ሙት በተባለችው የግብፅ እንስት አምላክ ቤተ መቅደስ በተገኘው ሐውልቱ ላይ፣ በካርናክ፣ በአርማንት፣ በደይር ኤል-ባሕሪ፣ በሙት ቤተ መቅደስና በሉቅሶር የንጉሥን ሥራ ሁሉ የመራሁ ነኝ ይላል። ትልቅ ሥራ ብዙ አለቆች አሉት። ነገር ግን በቤተ መቅደሱ ውስጥ እንደ እሱ ራሱን የተከለ ሌላ ሹም የለም፤ ቀጥዬ የምናገረውን ድፍረት ያደረገ ሰው ሥራውን የራሱ አድርጎ ይቆጥር እንደነበር አልጠራጠርም።

ከዚያ በፊት ስለ አስዋን አንድ ነገር ልበል። በአስዋን ዓለት ላይ ሰነንሙት በሐትሼፕሱት ፊት ቆሞ የሚታይበት ቅርጽ አለ፤ ጽሑፉ ሁለት ታላላቅ ኦቤሊስኮችን፣ ከአንድ ድንጋይ የሚወጡ ረጃጅም ሐውልቶችን፣ ሊያስፈልጥ መምጣቱን ይናገራል። እነዚያ ሁለቱ በካርናክ ምሥራቅ ቆመው ነበር፤ ዛሬ የሉም። አሁንም በካርናክ ቆሞ የምናየው የሐትሼፕሱት ኦቤሊስክ የሌላ ጥንድ ነው፤ ሥራውን የመራው አሜንሆቴፕ የተባለ ሌላ ሹም ነበር። ቁመቱ ወደ 30 ሜትር ይጠጋል፤ ከአንድ ግራናይት የወጣ ነው። በእግሩ ላይ ያለው ጽሑፍ ከዓለቱ ፈልጦ ማውጣቱ ሰባት ወር እንደፈጀ ይናገራል። ሰባት ወር! የአክሱምን ሐውልቶች ቆሞ ያየ ሰው ይህ ቁጥር ምን ያህል ላብ እንደያዘ ይገባዋል።

አሁን ወደ በሮቹ። በደይር ኤል-ባሕሪ የላይኛው እርከን ግድግዳዎች ላይ ለጸሎት ዕቃዎች የተፈለፈሉ ትናንሽ ክፍሎች አሉ፤ እያንዳንዳቸው የእንጨት በር ነበራቸው። በሩ ወደ ውስጥ ሲከፈት የሚሸፍነው የግድግዳ ቦታ አለ። እዚያ ላይ፣ በሩ ተከፍቶ ሳለ ማንም በማያየው ቦታ፣ እጁን ዘርግቶ የሚጸልይ ትንሽ ሰው ተቀርጿል፤ ስሙም አብሮ አለ። ሰነንሙት ነው። እንዲህ ያሉ ምስሎች ከ60 በላይ ናቸው። ካህኑ በሩን ከፍቶ ሲገባ ይሸፈናል፤ በሩ ሲዘጋ ግን መሐንዲሱ ከአምላኩ ጋር ብቻውን ይቀራል፤ ስለ ንግሥቲቱም ይጸልያል።

መጀመሪያ ያጠኑት ሰዎች ይህን የሌባ ሥራ አደረጉት፤ ንግሥቲቱ ሳታውቅ ተደብቆ ያስቀረጸው ነው አሉ። እኔ ይህን አልቀበልም፤ ራሱ ቤተ መቅደሱም አይቀበለውም። እዚያው ግድግዳ ላይ ያለ ጽሑፍ፣ ስሙ በዚያ ቤተ መቅደስና በሌሎችም ግድግዳዎች ላይ እንዲቀረጽ በንጉሣዊ ችሮታ እንደተፈቀደለት ይናገራል። የታወቀና የተፈቀደ ነበር። ቦታው ከበሩ ጀርባ መሆኑ የትሕትና ምልክት ነው፤ ተራ ሰው በቅድስተ ቅዱሳን ፊት ለፊት አይቆምም።

ለምን ይህን ያህል ጓጓ? ለግብፃዊ ስም የሰውየው አንድ አካል ነው። ስሙ እስከተጠራ ድረስ ሟቹ ይኖራል፤ ስሙ ከተፋቀ ሁለተኛ ይሞታል። «ስም ከመቃብር በላይ ይውላል» የሚለው የእኛ አባባል ለእነሱ ምክር ሳይሆን የሕይወት ጉዳይ ነበር። ሰነንሙት ሚስትና ልጅ እንደነበረው የሚያሳይ ምንም ነገር አልተገኘም። በመቃብሮቹ ውስጥ የሚታዩት ወላጆቹና ወንድሞቹ ናቸው። ልጅ ለሌለው ሰው ስሙን የሚጠራለት ማን ነው? ስለዚህ በሐውልት፣ በግድግዳ፣ በበር ጀርባ፣ ስሙን እንደ ዘር በተነው።

ስለ እሱ በመጻሕፍትና በቴሌቪዥን የሚነገረው ግን ይህ ሁሉ አይደለም። የሚነገረው የንግሥቲቱ ፍቅረኛ ነበር የሚለው ነው። ማስረጃ ተብሎ የሚቀርበው ከቤተ መቅደሱ በላይ ባለ ዋሻ ውስጥ የተገኘ፣ ስም ያልተጻፈበት ነውረኛ ሥዕል ነው። ማን እንደሣለው፣ እነማንን እንደሣለ የሚያረጋግጥ አንድ ፊደል የለበትም። ሴት ስትነግሥ ከኋላዋ ወንድ መፈለግ፣ ድሃ አደግ ወንድ ከፍ ሲል ደግሞ በአልጋ በኩል ወጣ ማለት፣ ለሁለቱም ስድብ ነው። እሷ አገር ያስተዳደረች ገዢ ናት፤ እሱ የአሙንን ሀብት የሚያስተዳድር፣ ልዕልቲቱን የሚያሳድግና ይህን ሕንፃ ያቆመ ሰው ነው። ይህን ማመን ለምን እንደሚከብደን ራሳችንን መጠየቅ ይገባናል።

መቃብሩ ሁለት ነው። አንደኛው ኮረብታው ላይ ያለው፣ ሰፊ ፊት ያለው የጸሎት ቤት ነው፤ ግድግዳው ላይ ከባሕር ማዶ፣ ከኤጌ ደሴቶች የመጡ መልእክተኞች የሚያማምሩ ዕቃዎች ይዘው ይታያሉ። በዚያ ኮረብታ ላይ ዘመዶቹና አገልጋዮቹም ተቀብረዋል፤ ሐርሞሴ የተባለ ዘፋኝ ክራር መሰል መሣሪያውን ይዞ፣ አንዲት ትንሽ ፈረስም በትልቅ ሳጥን ውስጥ ተገንዛ ተገኝታለች። ፈረስ በግብፅ ገና ብርቅ በነበረበት ዘመን ይህ ፍቅር ነው፤ ሌላ ስም የለውም።

ሁለተኛው እ.ኤ.አ. በ1927 በኸርበርት ዊንሎክ የተመራው ቡድን በደይር ኤል-ባሕሪ ድንጋይ ይወጣበት በነበረ ጉድጓድ አካባቢ ያገኘው ነው። ደረጃው ቁልቁል እየጠለቀ ወደ ቤተ መቅደሱ ግቢ ሥር ይሄዳል። አልተጠናቀቀም። ነገር ግን የመጀመሪያው ክፍል ጣሪያ እስካሁን ከታወቁት የሰማይ ካርታ ካላቸው ጣሪያዎች ሁሉ የቀደመ ነው። ኦሪዮንና ሲርየስ አሉበት፤ የሰሜኑ ከዋክብት አሉበት፤ እያንዳንዳቸው በ24 የተከፈሉ አሥራ ሁለት ክቦች አሥራ ሁለቱን ወራት ያሳያሉ። በዚህ ጣሪያ ፊት እኛ እንግዶች አይደለንም። ባለ 30 ቀን አሥራ ሁለት ወርና በመጨረሻ የምትጨመር አምስት ቀን የግብፃውያን አቆጣጠር ነው፤ በእስክንድርያ በኩል አድርጎ እኛ ዘንድ ደርሷል፤ ጳጉሜን ባሰብን ቁጥር የዚያን ሰማይ ሒሳብ እያሰላን ነው።

በዚያው መቃብር ግድግዳ ላይ በቀለም የተነደፈ የአንድ ሰው ፊት አለ፤ አጠገቡ ስሙ ተጽፏል። ጎበጥ ያለ አፍንጫ፣ አፉ ዙሪያ የእርጅና መስመሮች። የሰነንሙት ፊት ነው።

እስከ አሥራ ስድስተኛው የንግሥ ዓመት ገደማ ዱካው ይታያል፤ ከዚያ ይጠፋል። በሁለቱም መቃብሮች አስከሬኑ አልተገኘም። በነገሥታቱ ሣጥን አምሳል ያሠራው የድንጋይ ሬሳ ሣጥን በላይኛው መቃብር ከአንድ ሺህ በላይ ስብርባሪ ሆኖ ተገኘ። ስሙ ከብዙ ሐውልት ላይ በመሮ ተፍቋል። ንግሥቲቱ ተጣላችው፣ ሣልሳዊ ቱትሞስ ተበቀለው፣ ጠላቶቹ ተነሡበት የሚሉ ብዙ ታሪኮች ተጽፈዋል። ፍቆቹ ግን አንድ ዓይነት አይደሉም። በአንዳንድ ሐውልት ስሙ ተለቅሞ ጠፍቷል፤ በሌላው አንድም ፊደል አልተነካም፤ በሌላው ደግሞ የተፋቀው የአሙን ስም ብቻ ነው። ይህ የመጨረሻው ከመቶ ዓመት በኋላ የመጣው፣ የአሙንን አምልኮ ያስቆመው የፈርዖን አኬናተን ሰዎች ሥራ ነው፤ ለእነሱ ሰነንሙት ማን እንደነበረ ግድ አልነበራቸውም። የሐትሼፕሱት ስምና ምስል ራሱ በሣልሳዊ ቱትሞስ ትእዛዝ የተፋቀው እሷ ከሞተች ሃያ ዓመት ያህል ካለፈ በኋላ ነው። ስለዚህ አንድ ቀን በአንድ ቁጣ ስም አጠራሩ ጠፋ የሚለው ታሪክ አያሳምነኝም። የተለያዩ ሰዎች በተለያየ ዘመን በተለያየ ምክንያት መቱት። ደጋግመው ቢመቱትም አልበቃም፤ በጣም ብዙ ቦታ ነበረና። ከበሩ ጀርባ ካሉት ምስሎችም የሚፍቀው ዓይን ሳያያቸው የቀሩ አሉ።

ይህን የምታነቡ ሰዎች አብዛኞቻችሁ ከአገር ውጭ እንደምትኖሩ አውቃለሁ፤ ስለዚህ እሱን ለማየት ሉቅሶር ድረስ መሄድ አያስፈልጋችሁም። ለንደን ያላችሁ ብሪቲሽ ሙዚየም ግቡ፤ ልዕልቲቱን ጭኑ ላይ አድርጎ ተቀምጧል። በርሊን ያላችሁ ያንን ሳጥን የሚመስለውን ሐውልት ፈልጉ። ኒውዮርክ ያላችሁ ወደ ሜትሮፖሊታን ሂዱ፤ እዚያ ሐውልቱ፣ የሬሳ ሳጥኑ ስብርባሪና የእናቱ ወንበር አሉ፤ ብሩክሊን ሙዚየምም አንድ ሐውልቱ አለው። ቺካጎ ፊልድ ሙዚየም ቆሞ ልጅቷን አቅፏል። ዳላስ አካባቢ ላላችሁት ደግሞ፣ ወገኖቻችን በብዛት ያሉበት ከተማ ስለሆነ በተለይ እላችኋለሁ፣ ፎርት ወርዝ ኪምቤል ሙዚየም ተንበርክኮ ይጠብቃችኋል፤ ቋሚ ስብስቡን ማየት በነጻ ነው። በእጁ የያዘውን ልብ ብላችሁ ተመልከቱ። እባብ ነው፤ ራሱ ላይ ቀንድና የፀሐይ ክብ አለ፤ ከሥሩ ሁለት የተነሡ ክንዶች አሉ። አንድ ላይ ሲነበብ የሐትሼፕሱት የንግሥና ስም፣ ማዓትካሬ ነው። ሥዕል በሚመስል ነገር ስም መጻፍ የእሱ ፈጠራ ነበር፤ በበርሊኑ ሐውልት ላይ ስለ እንዲህ ያሉ ምልክቶች ከገዛ ልቤ ያወጣኋቸው ናቸው፣ በአባቶች ጽሑፍ ውስጥ አይገኙም ብሎ አስቀርጿል። ልጆቻችሁን ይዛችሁ ሂዱ፤ እባቡን አሳዩአቸው፤ ስሙንም ጮክ ብላችሁ ጥሩላቸው።